የአስታማሚ ወንበር

ዶክተር ሐሴት ይርዳውን በየቀኑ ጠዋት አሥራ ሁለት ሰዓት ተኩል ላይ የመኝታ ቤቷ ግድግዳ በስሟ ይጠራታል። “ሐሴት” ይላል፤ እሷም ካለችበት ሆና “አለሁ” ትላለች። ብቻቸውን የሚኖሩ ሰዎች ሁሉ ይህን የማድረግ ግዴታ ነበረባቸው። ሁለት ጊዜ ተጠርቶ ያልመለሰ ሰው ቤት አምቡላንስ ይላካል። በ2094 ዓ.ም. በአዳማ ከተማ በየጠዋቱ “አለሁ” የሚሉ ሰዎች መቶ ሠላሳ ሺህ ደርሰው ነበር። ቁጥሩ በየዓመቱ ሲያድግ ዜና መሆኑ ከቀረም ቆይቷል።

ሐሴት ሃምሳ ስምንት ዓመቷ ነው። አላገባችም። አንድ ወንድም ነበራት፤ በእናታቸው ቀብር ማግስት ተቀያይመው ከተለያዩ አሥራ አራት ዓመት አልፏቸዋል። ቁርሷን ቆማ ትበላለች። ከ“አለሁ” በኋላ ሆስፒታል ደርሳ ተረኛዋን ነርስ ሰላም እስክትል ድረስ ሌላ ቃል ከአፏ አይወጣም።

ሆስፒታሉ ውስጥ ቀኑ የሚጀምረው በተራ ነው። ሌላ ረጅም ስም ነበረው፤ ሁሉም ግን “ተራ” ይለዋል። ጠዋት አንድ ሰዓት ላይ የዕለቱን ስም ዝርዝር ያወጣል፤ ማን ዛሬ ቀዶ ሕክምና እንደሚገባ፣ ማን እንደሚጠብቅ። ሐኪሞች ዝርዝሩን አይነኩም። ተራ የሚያየው በሽታውን፣ ዕድሜውን፣ ደሙን፣ ከዚያም ወንበሩን ነው።

በየአልጋው አጠገብ አንድ ወንበር አለ፤ የአስታማሚ ወንበር። ማን እንደተቀመጠበትና ስንት ሰዓት እንደቆየ ያውቃል። አስታማሚ ያለው በሽተኛ ቶሎ ይድናል፣ አልጋውንም ቶሎ ይለቃል። ስለዚህ ተራ ወደ ፊት ያመጣዋል። ወንበሩ ባዶ የሆነበት ሰው ወደ ኋላ ይሄዳል። ይህን ያደረገ ማንም ሰው ተንኮል አላሰበም። ቁጥሩ እውነት ነው።

ቁጥሩን ያወጣችው ራሷ ሐሴት ናት። ከሃያ ስድስት ዓመት በፊት፣ ገና ልምምድ ላይ ሳለች፣ አራት ሺህ በሽተኞችን ተከታትላ አስታማሚ ያላቸውና የሌላቸው ምን ያህል እንደሚለያዩ አሳየች። የጥናቷ የመጨረሻ ገጽ፣ የሚያስታምመው ለሌለው ሰው ሆስፒታሉ አስታማሚ ይመድብለት የሚል ነበር። ሰንጠረዡ ሥራ ላይ ዋለ። የመጨረሻዋን ገጽ ያነሣ ሰው ግን አልነበረም።

አቶ ናሆም ድሪባ የመጡት በየካቲት ወር ነው። ሰባ አንድ ዓመታቸው ሲሆን የከተማ አውቶቡስ ሹፌር ነበሩ። አውቶቡሶቹ ራሳቸውን መንዳት ከጀመሩ በኋላም ስድስት ዓመት ያህል በሹፌሩ ቦታ ተቀምጠው ሠርተዋል፤ ተሳፋሪው ቦታውን ባዶ ሲያየው ይፈራ ስለነበር ነው። መሪው ከምንም ጋር አልተገናኘም። እሳቸው ግን አንድም ቀን እጃቸውን ከመሪው ላይ አንሥተው እንደማያውቁ በመጀመሪያው ቀን ለሐሴት ነገሯት፤ ለምን እንደነገሯት ግን ራሳቸውም ያወቁት አይመስልም።

ከልብ ወደ ታች የሚወርደው ትልቁ ደም ሥራቸው ሆዳቸው ውስጥ እንደ ፊኛ አብጧል። እስኪቀደድ ድረስ እምብዛም አያምም፤ ከተቀደደ ግን በደቂቃዎች ውስጥ ይገድላል። ሲመጡ ስፋቱ ስድስት ነጥብ ስምንት ሴንቲሜትር ነበር። በአሥራ ዘጠነኛው ቀን ሐሴት ስትለካው ሰባት ነጥብ ሁለት ሆኗል። ተራ በመጀመሪያው ቀን ሃያ ሁለተኛ አድርጓቸው ነበር። በአሥራ ዘጠነኛው ቀን አርባ አንደኛ ናቸው፤ ከኋላ የመጡት ሁሉ ሰው ይዘው ነው የመጡት።

በአስታማሚነት የተመዘገቡት ባለቤታቸው ወይዘሮ ሶልያና ነበሩ፤ ከሞቱ ሁለት ዓመት ሆኗቸዋል። ልጅ የላቸውም። ሐዋሳ ያለ የወንድማቸው ልጅ አለ ተብሎ ሐሴት ራሷ ደወለችለት። ያነሣው በእሱ ፈንታ የሚመልሰው መሣሪያ ነበር። ጌታው ሥራ ላይ መሆናቸውን፣ አጎታቸውንም ከልብ እንደሚያስቧቸው በትሕትና አስረዳት። በማግሥቱ ስትደውል ያንኑ ቃል በቃል ደገመላት።

ወደ ሥራ አስኪያጁ ወደ አቶ ሮቤል ሄደች። አቶ ሮቤል ክፉ ሰው አልነበረም፤ አስቀምጦ አዳመጣት። በልዩ ሁኔታ ከተራ የሚያወጣ ኮሚቴ እንዳለ፣ የሚሰበሰበውም በወር አንድ ጊዜ እንደሆነ፣ የዚህ ወሩም እንዳለፈ ነገራት። ዛሬ ለአንድ ምስኪን ተራ ከዘለለ ነገ የሹም ዘመድ ሲመጣ ምን ብሎ እንደሚመልስ ጠየቃት።

“ደግሞም ዶክተር፣ ጥናቱ የእርስዎ ነው” አላት። ሊወጋት ብሎ አልነበረም።

አንድ መንገድ ብቻ ቀረ፤ ሐሴት ሁለት ቀን ሙሉ ስትሸሸው ቆየች። አስታማሚ ሆኖ ለመመዝገብ ወይ ዘመድ መሆን ወይም ቢያንስ ለሦስት ዓመት መተዋወቅ ያስፈልጋል። እሷ አቶ ናሆምን ካወቀቻቸው ሦስት ሳምንት አልሞላትም። ስለዚህ መዋሸት ይኖርባታል። ከዚያ የሚብሰው ደግሞ ሌላ ነው። ሐኪም አስታማሚ የሆነለትን ሰው ማከም አይችልም፤ አሮጌ ሕግ ነው፣ ጥሩ ሕግም ነው፣ ለተማሪዎቿ ስታስተምረው ኖራለች። እሷ ከወጣች ቀዶ ሕክምናውን የሚሠራው ዶክተር ሚልኪ ነው። ሐሴት እንዲህ ያለውን ቀዶ ሕክምና አራት መቶ ጊዜ ሠርታለች። ሠላሳ አራት ዓመቱ የሆነው ሚልኪ የሠራው ስድስት ጊዜ ነው፤ ስድስቱንም እሷ አጠገቡ ቆማ።

ሰኞ ከሰዓት በኋላ አቶ ናሆም አልጋ አጠገብ ሄዳ ሁሉንም ነገረቻቸው። ቆማ ነበር የነገረቻቸው፤ ያልተመዘገበ ሰው ከአሥር ደቂቃ በላይ ሲቀመጥበት ወንበሩ ይጮኻል።

“ቢላውን ከያዝኩ ወንበሩ ላይ አልቀመጥም። ወንበሩ ላይ ከተቀመጥኩ ቢላውን አልይዝም” አለቻቸው።

“አሁን እኮ ሁለቱም የለኝም” አሉ አቶ ናሆም።

ከታወቀባት ምን እንደሚደርስባት ጠየቋት። የሕክምና ፈቃዷን እንደምትነጠቅ ነገረቻቸው። ታዲያ ለምን እንደምታደርገው ሲጠይቋት ስለ ጥናቱ አወራቻቸው፤ ከዚያ በፊት ለማንም በሽተኛ አውርታ አታውቅም። ካዳመጧት በኋላ እስከ ዛሬ በዚህ ምክንያት ስንት ሰው ወደ ኋላ እንደቀረ ጠየቋት።

“አልቆጠርኩም” አለች። ቆጥራ ነበር።

የአስታማሚ መዝገብ ኃላፊዋ ወይዘሮ ፌቨን ሁለቱን ለየብቻ ነው የምትጠይቃቸው። ምን እንደሚበላ፣ ምን እንደሚያናድደው፣ ቤቱ የት እንደሆነ፣ መቼ እንደተዋወቁ። ሐሴትና አቶ ናሆም ለዝግጅት የነበራቸው ሁለት ከሰዓት ነው። ሐሴት በመስኮቱ ደፍ ላይ ተደግፋ እንደ ተማሪ አጠናች። አቶ ናሆም ፓፓያ አይወዱም። ሬዲዮ ካልተከፈተ እንቅልፍ አይወስዳቸውም። ቤታቸው ከድሮው የባቡር ጣቢያ በስተጀርባ ካለው ኮንዶሚኒየም አራተኛ ፎቅ ላይ ነው፤ አሳንሰሩ ከተበላሸ ቆይቷል። ወይዘሮ ሶልያና ሲስቁ አፋቸውን በእጃቸው ይሸፍኑ ነበር። በሞቱ ሰሞን አቶ ናሆም አንድ ወር ሙሉ የአልጋውን ግማሽ ሳይነኩ ተኙ፤ ከዚያ አንድ ጠዋት ሲነቁ ራሳቸውን መሐል ላይ ተኝተው አገኙት፣ ያን ቀንም ከቀብሩ ቀን ይበልጥ አለቀሱ።

እሳቸውም በተራቸው ስለ እሷ አጠኑ። ቆማ እንደምትበላ። ከወንድሟ ጋር የተጣላችው በእናታቸው የልብስ ስፌት መኪና እንደሆነ፣ መኪናውን ወስዳ አንድም ቀን እንዳልሰፋችበት። አንድ ጊዜ ለማግባት ተቃርባ ሰውየው ሌላ አገር ሲሄድ ልትሸኘው እንኳ እንዳልሄደች፤ ያን ቀን ተረኛ ነበረች። ስትናገር ድምጿ የበሽተኛ ታሪክ እንደሚያቀርብ ሐኪም ነበር። አቶ ናሆም አንዱንም አልረሱም፤ አንድ ነገር ብቻ አቃታቸው።

“አንቺ ይበሉኝ። ሦስት ዓመት የተዋወቀ ሰው እርስዎ አይባባልም፣ ስለ እኔ ሲጠየቁ ‘እሳቸው’ ካሉ ወይዘሮ ፌቨን ወዲያው ትነቃብናለች” አለቻቸው።

ዶክተርን አንቺ ማለት አፋቸው እንዳልለመደ ነገሯት። ሞክረው ሦስት ጊዜ ተሳሳቱ። በአራተኛው “ውሃውን አቀብይኝ” አሉ፣ አወጡት። ሐሴት ብርጭቆውን ስታቀብላቸው ፊቷ እንደሞቀ ተሰማት። ከወንድሟ ወዲህ በዚህ አጠራር የጠራት ሰው አልነበረም።

ረቡዕ ለየብቻ ተጠየቁ፤ ሐሙስ ጠዋት አስታማሚ ሆና ተመዘገበች። የአስታማሚ አምባር እጇ ላይ ታሰረ። በዚያው ሰዓት የቀዶ ሕክምና ክፍሉ በር እጇን አላውቅም አለ፤ አምባር ያሰረ ሰው አያስገባም። ሃያ ዓመት የገባችበት በር ነው። ከውስጥ ያለችው ነርስ አይታት ሌላ ሥራ እንዳለባት ሰው ዘወር አለች። ሚልኪ ሲሰማ ቢሮዋ ድረስ መጣ። እንደማይችለው እያወቀች ለምን እንዳደረገችበት ጠየቃት። እንደሚችለው ነገረችው። እርግጠኛ አልነበረችም።

የዓመት ፈቃዷን አውጥታ ወንበሩ ላይ ተቀመጠች። በቀን አሥራ አንድ ሰዓት። ነጭ ጋውን ስላልለበሰች በየጠዋቱ በአጠገባቸው የምታልፋቸው አስታማሚዎች እንኳ አላወቋትም። ሽንት ቤት ሲሄዱ እናታቸውን እንድታይላቸው አደራ አሏት፤ ብርድ ልብስ ሲያጥፉ አንደኛውን ጫፍ አስያዟት። ሐኪሞች ለጉብኝት ሲዞሩ በአንድ አልጋ ስንት ሰከንድ እንደሚቆሙ ከወንበሩ ሆና አየች። ራሷም ከዚያ በላይ ቆማ አታውቅም።

አብዛኛውን ሰዓት አያወሩም ነበር። አቶ ናሆም ያንቀላፋሉ፤ ይነቁና መኖሯን አይተው ደግመው ያንቀላፋሉ። በሁለተኛው ቀን ተራ ሃያ ስድስተኛ አደረጋቸው። በሦስተኛው አሥራ አራተኛ። በስድስተኛው ቀን ጠዋት፣ ማክሰኞ፣ ስማቸው ከዝርዝሩ ላይ ሦስተኛ ሆኖ ወጣ። ዕለቱን ይገባሉ ማለት ነው።

አልጋው ሲገፋ እስከ በሩ ተከተለቻቸው። እዚያ ሲደርሱ አቶ ናሆም የወይዘሮ ሶልያና ሰዓት በመሳቢያው ውስጥ እንዳለ ነገሯት። ምን እንዳደርገው ነው አለች። ምንም፣ እንድታውቂው ብዬ ነው አሉ።

ኮሪደሩ ውስጥ አግዳሚ ወንበር አለ። ሐሴት ከሌሎቹ አስታማሚዎች ጋር ተቀመጠች። ውስጥ ስትሠራ አንድ ሰዓት መቼ እንደሚያልፍ አይታወቃትም ነበር፤ እዚህ ግን እያንዳንዱን ደቂቃ አወቀችው። ከአንድ ሰዓት ተኩል በኋላ ግድግዳው ላይ ያለው ድምፅ ማጉያ ተከፈተ። ሕጉ ነው፤ ውስጥ ምርጫ ሲመጣ አስታማሚው ይጠየቃል፣ የሚመልሰውም “እፈቅዳለሁ” ወይም “አልፈቅድም” ብቻ ነው።

“የአቶ ናሆም ድሪባ አስታማሚ” አለ የሚልኪ ድምፅ። “ደም ሥሩ ተቀዷል። ደሙን የሚዘጋውን መቆንጠጫ ከኩላሊቶቹ በላይ ላደርገው ነው። ኩላሊታቸው ሊጎዳ ይችላል። ይፈቅዳሉ?”

ሐሴት ቃሉን አልነበረም የሰማችው፤ ትንፋሹን ነው። በአጭር በአጭሩ ይተነፍሳል። በደም በተሞላ ሆድ ውስጥ በመቆንጠጫው ደም ሥሩን በጭፍን እየፈለገ እንደሆነ፣ እንደዚያ ከቀጠለ በሦስት ደቂቃ ውስጥ እንደሚያጣቸው አወቀች። የምትለውና የማትለው ሁሉ እንደሚቀረጽም ታውቃለች። ተነሥታ ግድግዳው ጋ ሄደች።

“ሚልኪ፣ መቆንጠጫውን አስቀምጠው። ግራ እጅህን ከጨጓራው በላይ አስገባ። ሲመታ የሚሰማህ ደም ሥሩ ነው። ወደ አከርካሪው ተጫነው። አትፈልግ፣ ዝም ብለህ ተጫነው።”

ከኋላዋ አስታማሚዎቹ ወሬያቸውን አቁመዋል።

“ያዝኩት” አለ ሚልኪ።

“አሁን ጊዜ አለህ። ትንፋሽህን አውጣ።”

አርባ ደቂቃ ያህል ግንባሯን ግድግዳው ላይ አስደግፋ ነገረችው። ስፌቱን ከየት እንደሚጀምር፣ መቼ እጁን ቀስ ብሎ እንደሚያላላ። የማታየውን ሆድ በዓይኗ ፊት ዘርግታ ነበር የምታወራው። ሚልኪ በመጨረሻ መዝጋት መጀመሩን ሲነግራት ግንባሯን ከግድግዳው አነሣች። አንዲት አስታማሚ ደግፋ ወደ አግዳሚው መለሰቻት፤ ሐኪም መሆኗን አሁን ሁሉም አውቋል። ጥቂት ቆይቶ ሁለት ጥበቃዎች መጡና ይቅርታ ጠይቀው አምባሩን ከእጇ ፈቱት።

የዲሲፕሊን ኮሚቴው በዘጠነኛው ቀን ተቀመጠ። ምዝገባው ሐሰት መሆኑን አልካደችም። በድምፅ ማጉያው የሰው ሕይወት ማዳኗን ያነሣ አንድ የኮሚቴ አባል ነበር፤ ሌላኛው ደግሞ ሌላ ወረቀት አነበበ። አቶ ናሆም ወደ ፊት በመምጣታቸው ምክንያት ሠላሳ ስምንት ሰዎች አንድ አንድ ደረጃ ወደ ኋላ ሄደዋል። ከሠላሳ ስምንቱ አንዷ፣ መቅሊት የምትባል የአርባ ዘጠኝ ዓመት ሴት፣ ሦስት እህቶቿ እየተፈራረቁ ሲያስታምሟት ተራዋ በሚደርስበት ዋዜማ ሞታለች። በዚያ ምክንያት ይሁን አይሁን ያረጋገጠ የለም። ሐሴት ስሟን እንዲደግሙላት ጠየቀች፤ ደገሙላት፤ በወረቀት ላይ ጻፈችው።

ከዚያ ወይዘሮ ፌቨን አቶ ናሆምን የጠየቀችበትን የድምፅ ቅጂ ለማስረጃ አሰሙ። ሽማግሌው ሁሉንም እንዳጠኑት መለሱ፤ ቆማ ነው የምትበላው፣ የስፌት መኪና አላት አትሰፋበትም። ቀጥሎ ወይዘሮ ፌቨን ያላጠኑትን ጥያቄ ጠየቀች።

“እሷ ብትታመምስ የሚያስታምማት ማን ነው?”

ቅጂው ላይ አልጋው ሲጥ ሲል ተሰማ።

“እኔ ነኛ” አሉ አቶ ናሆም።

ሰብሳቢው ይህ ሁለቱ በሚገባ ተመካክረው እንደዋሹ የሚያሳይ ነው ብሎ አስመዘገበ። ሐሴት እጆቿን ጠረጴዛው ላይ አድርጋ ታያቸው ነበር። ፈቃዷ ለሦስት ዓመት ታገደ፤ ወደ ሆስፒታሉ ግቢም እንዳትገባ ተወሰነ። ሚልኪ የጽሑፍ ማስጠንቀቂያ ተሰጠው። ተራ ግን በማግሥቱም እንደ ወትሮው አንድ ሰዓት ላይ ወጣ።

ከቀዶ ሕክምና በኋላ አስታማሚ የሌላቸው የሚያገግሙበት ሰባተኛ ፎቅ ላይ ወንበር የለም። አቶ ናሆም እዚያ ሃያ ሦስት ቀን ተኙ፤ ሌላው ሰው በአሥር ቀን ይወጣል። ሐሴት በየቀኑ ለሚልኪ ትደውላለች። ስለ በሽተኛ ሊነግራት በሕግ እንደማይችል ይነግራታል፤ ቀጥሎ ዛሬ ሥራ ቀለል እንዳለለት ይጨምራል። እሷም እሺ ብላ ትዘጋለች። አንድ ቀን ሥራ ከበደኝ አላት። ያን ቀን ከቤት ወጥታ እስከ ሆስፒታሉ በር ሄደች፣ ቆማ ተመለሰች። በማግሥቱ ቀለል ብሎለታል።

መሄጃ አጥታ የኖረች ሰው አልነበረችም። አሁን ግን ቀኑ ከፊቷ ሜዳ ሆነባት። የስፌት መኪናውን ሽፋን ገለጠች፣ አየችው፣ መልሳ ሸፈነችው። የወንድሟን ቁጥር አወጣችና ምን ብላ እንደምትጀምር ስታስብ መሸ። በመጋቢት መጨረሻ አንድ ጠዋት ሚልኪ ራሱ ደወለ። ከዛሬ ጀምሮ ስለዚያ ሰውዬ የሚያውቀው ነገር እንደሌለ ነገራት። ገባት፤ ወጥተዋል።

አራት ቀን ጠበቀች፤ ምን እንደምትጠብቅ ግን አታውቅም። በአምስተኛው ቀን ሙቀቱ ሳይበረታ ወጣች። መንገዱን ማንንም አልጠየቀችም፤ ለፈተናው አጥንታዋለች። ከአሮጌው ጣቢያ በስተጀርባ፣ ሦስተኛው ሕንፃ፣ አራተኛ ፎቅ። አንኳኳች፣ የከፈተ የለም። ጎረቤት ያለች ሴት በሯን ገርበብ አድርጋ አየቻትና ዘጋች። ሐሴት ደረጃው ላይ ተቀመጠች።

ከአንድ ሰዓት በኋላ ከታች የእግር ኮቴ ተሰማ። አንድ ፎቅ ይወጣል፣ ይቆማል፣ ይተነፍሳል። ሐሴት ትንፋሹን መቁጠር ጀመረች፤ ትንሽ ቆጥራ ተወችው። አቶ ናሆም ቲማቲምና ዳቦ የያዘ ፌስታል ይዘው ብቅ አሉ። ከስተዋል፤ ሱሪያቸው ወገባቸው ላይ ተሰብስቧል። አይተዋት የደረጃውን ብረት እንደያዙ ቆሙ።

በጉዳዩ ላይ ሌላ የሚፈረም ወረቀት መጥቶ እንደሆነ ጠየቋት። አልመጣም አለች። ቁስሉን ልታይ ከሆነ ሚልኪ አይቶት ጥሩ ነው እንዳላቸው ነገሯት። ቁስል ማየት እንደተከለከለች ነገረቻቸው። አቶ ናሆም ግራ ገባቸው። እዚያ በር ላይ ሰው ያለ ጉዳይ መጥቶ ከቆመ ሁለት ዓመት አልፏል።

“ታዲያ በምን ጉዳይ ነው የመጣሽው?” አሉ።

ሐሴት ከተቀመጠችበት ተነሣች።

“እንዲሁ ነው፣ ጋሼ” አለች።

አቶ ናሆም እዚያው ቆመው አሰቡበት። ከዚያ የቀሩትን ሦስት ደረጃዎች ወጥተው ቁልፋቸውን ከኪሳቸው ፈለጉ።

“ያዥልኝማ” አሉ ፌስታሉን እየሰጧት፤ “በሩ አልከፈት ይላል።”